የኮንትሮባንድ መንገድ ታሪክ እንዴት ይጻፋል? ከአንዲት ጡረተኛ ሳጅን

ደሴ ላይ የተደራጀ ወንጀል ታሪክ ልጽፍ ነው ብሎ ቤቴ የሚመጣ ወጣት ሁሉ ገና አቦሉ ሳይቀዳ «ሳጅን፣ ትልቁ አለቃ ማን ነበር?» ይለኛል። ቡናውን እሰጠዋለሁ እንጂ መልሱን አልሰጠውም። አለቃ ፍለጋ የፖሊስ ሥራ ነው። ፖሊስ ፍርድ ቤት የሚያቀርበው ሰው ስለሆነ ስም ይፈልጋል። ታሪክ የሚጽፍ ሰው ግን አስቀድሞ የሚያስፈልገው መንገዱና ዋጋው ነው። ኬላው የት ነበር? ዕቃው ከኬላው ወዲያ ስንት ያወጣል፣ ወዲህስ ስንት ይሸጣል? መሃል ላይ ያለውን ልዩነት እነማን ተካፈሉት? ይህን ያወቀ ሰው አለቃውን ጨርሶ ባያውቀው እንኳ ታሪኩን መጻፍ ይችላል። ስም ብቻ ይዞ የተነሣ ግን የያዘው የሻይ ቤት ወሬ ነው።

እኔ የአገልግሎት ዘመኔን በብዛት ያሳለፍኩት ወንጀለኛ በማባረር ሳይሆን መዝገብ በማገላበጥ ነው። ሴት ስለሆንኩ ነው መሰል መዝገብ ቤት አስቀመጡኝ። ያኔ ቅር ብሎኝ ነበር፣ አሁን ግን አመሰግናቸዋለሁ። ጡረታ ስወጣ ከባቲ እስከ ደሴ ያለውን መንገድ የወንጀል ታሪክ መሰብሰብ ያዝኩ። ከዚህ በታች የምጽፈው እኔ የምሠራበትን አካሄድ ነው። ለወልድያም ሆነ ለመተማ የሚሠራ ይመስለኛል።

መንገዱን አስምሩ

ትልቅ ወረቀት ውሰዱና ኮምቦልቻን መሃል ላይ አድርጉ። ከአዲስ አበባ የሚመጣው አስፋልት እዚያ ለሁለት ይከፈላል። አንዱ የሐረጎን ጠመዝማዛ ወጥቶ ደሴ ይገባል፣ ከዚያም ወደ ወልድያና ወደ መቀሌ ይቀጥላል። ሌላው ወደ ባቲ ዞሮ ወደ ሚሌ ቆላ ይወርዳል፣ ድሮ መጨረሻው አሰብ ነበር። ቀጥሎ መኪና የሚቆምበትን ቦታ ሁሉ አስገቡ፦ ኬላ፣ ጉምሩክ፣ ማደያ፣ ጎሚስታ፣ የሹፌሮች አልጋ ቤት፣ ጫት መሸጫ። ዕቃ በሚሮጥ መኪና ላይ አይሸጥም። የሚራገፈው፣ ከተሳቢ ወደ አይሱዙ የሚገለበጠው፣ ባለቤት የሚለውጠው መኪናው በቆመበት ነው። ከኬላ በፊት ያለች ትንሽ መንደር ገበያም ፍል ውኃም ሳይኖራት አልጋ ቤት በአልጋ ቤት ላይ ከደረደረች እዚያ ላይ ክብ አድርጉ።

በሁለተኛ ቀለም የግመሉን መንገድ አስምሩ። ከቆላ ወደ ባቲ የሰኞ ገበያ የሚወጣው የግመል መንገድ ከአስፋልቱ በፊት የነበረ ነው። ጨው በዚያ ወጥቷል፣ ጠመንጃ በዚያ ገብቷል፣ ሰው እንደ ዕቃ እየተነዳ በዚያ ወደ ታጁራ ወርዷል። አስፋልቱን በአምስቱ ዓመት ጣሊያን ቢያነጥፈውም የግመሉ መንገድ አልሞተም። ኬላ አስፋልቱ ላይ ሲጠብቅ ዕቃው ወደ ድሮው መንገድ ይመለሳል፣ ኬላው ሲላላ ወደ አስፋልቱ ይወጣል። ሁለቱን ቀለሞች ጎን ለጎን ካላያችሁ ይህ አይታያችሁም።

ካርታው ለየዘመኑ ለየብቻ ይሠራ። እስከ 1990 ዓ.ም. ዋናው የባሕር በር አሰብ ነበር። በዚያ ዓመት ግንቦት ላይ የኤርትራ ጦርነት ሲነሣ መስመሩ ተዘጋና ጭነቱ ወደ ጅቡቲ ዞረ። የ1985ን ወሬ በ1995 ካርታ ላይ የሚያነብ ሰው ሹፌሩ የሚዋሽ ይመስለዋል።

ያን ዓመት ወንጀሉ ምን ነበር?

ብዙ ሰው የሚሰናከለው እዚህ ላይ ስለሆነ ረጋ ብላችሁ አንብቡልኝ።

በደርግ ዘመን ጤፍ ጭኖ መሄድ ያሳስር ነበር። የእርሻ ሰብል ገበያ ድርጅት ከገበሬው በተተመነ ዋጋ ኮታ ይሰበስባል፣ እህል ያለ ፈቃድ ከቦታ ቦታ እንዳይንቀሳቀስ ደግሞ ኬላ ቆሟል። በኬላው ወዲያና ወዲህ የአንድ ኩንታል ዋጋ ሲራራቅ፣ ልዩነቱን የሚበሉ ሰዎች ወዲያው ተደራጁ። ሌሊት የሚጭን፣ ኬላው ላይ ማን ተረኛ እንደሆነ የሚያጣራ፣ እህሉን በከሰል ጆንያ የሚያሽግ፣ ከተማ ውስጥ ጓዳ የሚያከራይ ተገኘ። ሁሉም የየድርሻውን ይወስዳል። በ1982 ቅይጥ ኢኮኖሚ ሲታወጅና የእህል ንግድ ሲፈታ እነዚያው ሰዎች በቀን በአደባባይ የሚጭኑ ነጋዴዎች ሆኑ። ሰዎቹም ጆንያውም መንገዱም አልተለወጡም፣ የተለወጠው አዋጁ ነው። አሜሪካኖች እ.ኤ.አ. ከ1920 እስከ 1933 መጠጥ ከልክለው ያዩት ነገር ከዚህ ብዙ አይርቅም።

ስለዚህ የምትጽፉበትን ዓመት ነጋሪት ጋዜጣ ሳታነቡ ማንንም ወንጀለኛ ብላችሁ አትጻፉ። ነጋሪት ጋዜጣ መታተም የጀመረው በ1934 ነው፤ ፖሊስን ያቋቋመው አዋጅና ባርነትን የሻረው አዋጅም የዚያው ዓመት ናቸው። የወንጀል ሕጉም ተለዋውጧል። የ1923 አለ፣ የ1949 አለ፣ በ1997 ሥራ ላይ የዋለውና ዛሬ የምንሠራበትም አለ። መዝገብ ላይ «በአንቀጽ ይህን ያህል ተከሷል» የሚል ስታገኙ የየትኛው ሕግ አንቀጽ እንደሆነ ሳታጣሩ ወደ ማስታወሻችሁ አታስገቡት፤ ቁጥሩ አንድ ሆኖ ወንጀሉ ሌላ ሊሆን ይችላል።

«የተደራጀ» የምትለዋንም ቃል አታባክኗት። ሁለት ጎረምሶች ሙጋድ ሰፈር ላይ ሞባይል ስለነጠቁ የተደራጀ ወንጀል አይባልም። እኔ መለኪያ የማደርገው ፓሌርሞ ላይ እ.ኤ.አ. በ2000 ለፊርማ የቀረበውን የተባበሩት መንግሥታት ስምምነት ነው። ሦስት ወይም ከዚያ በላይ ሰዎች፣ ለተወሰነ ጊዜ የዘለቀ ግንኙነት፣ በአንድነት የሚፈጸም ከባድ ወንጀል፣ ግቡም ገንዘብ ወይም ሌላ ቁሳዊ ጥቅም። አራቱ ካልተሟሉ ወረቀቱን ሌላ አቃፊ ውስጥ አስገቡት። ሽፍታው ላይ ይህ ወንፊት በጣም ይጠቅማል። አገዳደሉ የደም ከሆነ፣ ጫካ የገባው በርስት ተጣልቶ ከሆነ ታሪኩ ሌላ ነው። ከነጋዴ ጋር ተዋውሎ ሲራራ እያሳለፈ ቀረጥ የሚበላ ከሆነ ግን የእናንተ ነው። ፉከራና ቀረርቶው ሁለቱን አይለይም፣ ሁለቱንም ጀግና ያደርጋል።

መዝገብ እንዴት ይነበባል

አንድ ወንጀል በብዙ ቦታ አሻራ ይተዋል፦ የጣቢያው የዕለት ሁኔታ መዝገብ፣ የምርመራ መዝገብ፣ የዐቃቤ ሕግ ዶሴ፣ የፍርድ ቤት መዝገብ፣ የማረሚያ ቤት መግቢያ መዝገብ፣ የኤግዚቢት፣ ማለትም የተያዘ ዕቃ፣ መዝገብ። ሰው ሁሉ የሚሮጠው ወደ ምርመራ መዝገቡ ነው፣ የተጠርጣሪው ቃል ያለበት እሱ ስለሆነ። እኔ ግን መጀመሪያ የኤግዚቢቱን እከፍታለሁ። እዚያ ውስጥ ንግግር የለም። ስንት ቦንዳ ልባሽ ጨርቅ፣ ስንት ካርቶን ሲጋራ፣ በየትኛው ቀን፣ ማን አስረከበ፣ ማን ተረከበ፣ መጨረሻው ምን ሆነ የሚል ብቻ ነው። «ባለቤቱ ያልታወቀ» የሚለውን አምድ ቁጠሩ። ዕቃው ተይዞ ሰው ያልተያዘበት ጊዜ እየበዛ የሚሄድበት ዓመት አለ። ሹፌሩ ሮጦ አመለጠ ይባላል። አንድ ጊዜ ሮጦ ሊሆን ይችላል። በየሳምንቱ የሚሮጥ ከሆነ ግን አስቀድሞ የሚነግረው ሰው አለው ማለት ነው፣ እናንተም የምትፈልጉት ድርጅት እዚያው አምድ ውስጥ ተቀምጧል።

ወደ ቃሉ ስትመጡ ደግሞ ነገሩ የተጠርጣሪው፣ አማርኛው የመርማሪው መሆኑን አትርሱ። ከአርጎባም ይምጣ ከአፋር፣ ወረቀቱ ላይ ሁሉም «ከላይ በተጠቀሰው ቀንና ሰዓት» እያለ ይናገራል። በወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕጉ በአንቀጽ 27 ለፖሊስ የተሰጠ ቃልና በአንቀጽ 35 ፍርድ ቤት ቀርቦ የተሰጠ ቃልም ክብደታቸው እኩል አይደለም። የትኛው እንደሆነ ከጎኑ ጻፉ። ነፃ የተባሉትንም ሰዎች መዝገብ አንብቡ፣ የመከላከያ ምስክሮች የሚናገሩት ስለ ገበያው ብዙ ያስተምራል።

አሁን «መዝገቡ የታለ?» ትሉኛላችሁ። እውነት ነው። ከ2014 ጥቅምት ማብቂያ እስከ ኅዳር ማብቂያ ጦርነቱ ደሴ ውስጥ በነበረበት ጊዜ ብዙ መሥሪያ ቤት ተዘርፏል፣ ሙዚየማችንም አልቀረለትም። አብሽሩ፣ ወረቀት ወደ ላይ ይወጣል። ይግባኝ የተባለበት ጉዳይ ግልባጩ ክልል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ይደርሳል። የጉምሩክ ጉዳይ የፌዴራል ስለሆነ አዲስ አበባ ድረስ የሄደ አለ። ከሁሉ የሚቀለው ደግሞ የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት ውሳኔዎች በቅጽ በቅጽ ታትመው መውጣታቸው ነው፤ ማንንም ሳትለምኑ ኢንተርኔት ላይ ታነቧቸዋላችሁ። የኮንትሮባንድ ጉዳዮችን አውጡና መኪናው የት እንደተያዘ ብቻ አስቀድማችሁ ፈልጉ። እኔ ለጀማሪ ሁሉ የምሰጠው የመጀመሪያ የቤት ሥራ ይህ ነው።

ለመሥሪያ ቤት ማመልከቻ ስትጽፉ የመረጃ ነፃነት አዋጁን፣ ቁጥር 590/2000ን፣ ጥቀሱ። የምትፈልጉትን ዓመትና የመዝገብ ዓይነት ለይታችሁ ጻፉ። «ስለ ወንጀል ያለውን ሁሉ» ብሎ የጠየቀ ሰው የሚያገኘው ሻይ ብቻ ነው። የአስተዳደር ስሞችንም በየዘመናቸው ጻፉ። ኮምቦልቻን በቃሉ አውራጃ፣ ደሴን በወሎ ጠቅላይ ግዛት፣ ቆይቶ በወሎ ክፍለ ሀገር፣ ከዚያ በደቡብ ወሎ ዞን ታገኟታላችሁ። ባቲ ዛሬ በኦሮሞ ብሔረሰብ ዞን ውስጥ ነች፣ የድሮ ወረቀቷ ግን እዚያ ላይገኝ ይችላል። ለቆየው ዘመን አዲስ አበባ ያለው ብሔራዊ ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት፣ ስድስት ኪሎ ያለው የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም፣ እንዲሁም የድሮ አዲስ ዘመን ጥራዞች አሉላችሁ።

ቀን ማስተካከል አሰልቺ ቢሆንም ዝለሉት ማለት አልችልም። የእኛን ዓመት ወደ ፈረንጁ ስትወስዱ ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ 22 ገደማ 7፣ ከዚያ በኋላ 8 ትደምራላችሁ። የነጋዴዎች የድሮ ደብዳቤ በሂጅራ ሊሆን ይችላል። የጣሊያኖቹ ወረቀት ላይ ደግሞ ከፈረንጁ ዓመት ጎን በሮማውያን ቁጥር የተጻፈ ሌላ ዓመት አለ፣ ፋሺስቶች ሥልጣን ከያዙበት ከጥቅምት 1922 እ.ኤ.አ. የሚቆጠር። ደሴ በእጃቸው የወደቀችው ሚያዝያ 7 ቀን 1928 ነው፣ በእነሱ አቆጣጠር 14ኛው ዓመት። «ሌሊት 8 ሰዓት»ም የእኛ 8 ሰዓት መሆኑን አስታውሱ፣ የእንግሊዝኛ ሪፖርት ላይ ሲዞር 2 ሰዓት ይሆናል።

ሰው ማናገር

ከፖሊስ መኮንኖች ይልቅ ጫኝና አውራጅ ፈልጉ። መኮንን የሚያስታውሰው የያዘውን ነው። ጫኝ ያለፈውን ያስታውሳል፣ ትከሻው ላይ ያለፈ ስለሆነ። ከእሱ ቀጥሎ ረዳቶች፣ ከረዳቶች ቀጥሎ አልጋ ቤትና ምግብ ቤት የነበራቸው እናቶች ናቸው። ማን ከማን ጋር በላ፣ ማን የማንን ሒሳብ ዘጋ፣ ማን ሌሊት መጥቶ ሳያድር ሄደ የሚለውን የሚያውቁት እነሱ ናቸው፣ ፖሊስ ደግሞ ምስክር አድርጎ ስለማይቆጥራቸው ቃላቸው የትም መዝገብ ላይ የለም። ወንዶቹ ተማሪዎች ጓዳ ገብተው ሽንኩርት እየላጡ ማዳመጥ ስለማይችሉበት ይህን ሥራ ለእህቶቻቸው ቢተዉት ደስ ይለኛል።

ሰላምታው ይርዘም። ጤናውን፣ ልጆቹን፣ ክረምቱን ጠይቁ። «ጋሼ» የሚባለውን ጋሼ፣ «ሼኻችን» የሚባለውን ሼኻችን፣ «እትዬ» የምትባለውን እትዬ በሉ። ስልክ አውጥቶ መቅዳት በመጀመሪያው ቀን አይሆንም። ጥያቄያችሁም «ኮንትሮባንድ ትሠራ ነበር?» አይሁን፣ እኔ ዩኒፎርም ለብሼ የምጠይቀው እሱን ነበር። ይልቅስ «ከአሰብ ኮምቦልቻ ስንት ሌሊት ይፈጃል? የት ይታደራል? ረዳት ስንት ይከፈለዋል? ጎማ ቢፈነዳ ማን ይከፍላል?» በሉ። ሕጋዊ ጭነትም ሕገ ወጥ ጭነትም ለእነዚህ ጥያቄዎች መልስ አላቸው፣ መልሶቹ ሲለያዩ ራሱ ተናጋሪው ያስተውልና ፈገግ ይላል።

ሽማግሌ ዓመተ ምሕረት ሲያጣ አታስጨንቁት። መኪናውንና ጠመንጃውን ጠይቁት። አንድ አዛውንት ጫኝ ነገሩ «በጃንሆይ ጊዜ» ነው ብለው ጸኑብኝ። «መኪናው ምን ነበር ጋሼ?» አልኳቸው። «ኤንትሬ።» «ኬላው ላይ የቆመው ልጅ ምን ይዟል?» «ክላሽ ነዋ!» አሉና ዝም አሉ። ትንሽ ቆይተው «እንግዲያስ በደርግ ነው» አሉኝ። ውጅግራ፣ ምንሽር፣ ቤልጅግ፣ ክላሽ፤ አንዱ ሌላውን ሲተካ ዘመኑ ይታወቃል። የ1966ቱና የ1977ቱ ረሃብም በየቤቱ የሚታወቁ ድንበሮች ናቸው፣ «ከድርቁ በፊት ነው ወይስ በኋላ?» ካላችሁ የማይመልስ የወሎ ሰው የለም።

በርጫ ላይ የሰማችሁትን በማግስቱ ደግማችሁ ጠይቁ። ምርቃናው ሲወርድ ከተሳቢዎቹ ግማሾቹ ይጠፋሉ። አበጋር፣ ማለትም አስታራቂ፣ የሆነ ሽማግሌ ካገኛችሁ ደግሞ ስለ ዕርቁ ጠይቁት እንጂ ስለ ገዳዩ አትጠይቁት። በንግድ ድርሻ የተጣሉ ሰዎች ፍርድ ቤት መሄድ ስለማይችሉ ወደ ሽማግሌ ይሄዳሉ፣ ካሳው በምን ተቆረጠ የሚለው ደግሞ የንግዱን መጠን ያሳያል።

ውስጥ የነበረ ሰው ልንገራችሁ ካለ ስሙት፣ ግን በወረቀት አመሳክሩት። ጣሊያን አገር ቶማሶ ቡሼታ የተባለው የማፍያ ሰው እ.ኤ.አ. በ1984 ለዳኛ ጆቫኒ ፋልኮኔ መናገር ሲጀምር አገሩ ተገረመ። የፓሌርሞው ትልቅ ችሎት በየካቲት 1986 እ.ኤ.አ. የተከፈተው ግን በእሱ አፍ ብቻ አይደለም። ፋልኮኔ የባንክ ወረቀትና ቼክ እየተከተለ መመርመር የለመደ ሰው ነበር። እሱን በግንቦት 1992 እ.ኤ.አ. ገደሉት። ከእሱ በፊትም ጆ ፔትሮሲኖ የሚባል የኒው ዮርክ ፖሊስ መኮንን በመጋቢት 1909 እ.ኤ.አ. እዚያው ፓሌርሞ ተገድሏል። የሄደው መሣሪያ ሊማርክ አልነበረም፣ አሜሪካ የገቡ ጣሊያናውያን ወንጀለኞችን የቀድሞ የፍርድ መዝገብ ሊያሰባስብ ነው። መዝገብ ቤት መሥራት እንደ ቅጣት ለሚቆጥር ወጣት ፖሊስ ይህን ደጋግሜ እነግረዋለሁ።

ዛሬም ስለሚሠራበት መንገድ

ከባቲ ወደ ሚሌ፣ ከዚያ በአፋር በረሃ ወደ ኦቦክ፣ ከኦቦክ በጀልባ ወደ የመን፣ መጨረሻውን ሳውዲ ብሎ የሚወጣው የወሎ ልጅ የሚሄድበት መንገድ የድሮው የግመል መንገድ ነው። እዚህም ጥያቄው ያው ነው፦ አዋጁ ምን አለ፣ ዋጋው ምን ሆነ? በ2006 መንግሥት ወደ አረብ አገር ለሥራ መሄድን አገደ፤ በዚያው ሰሞን ሳውዲ ከ160,000 በላይ ኢትዮጵያውያንን አባረረች። ሕጋዊው በር ሲዘጋ መውጣት የፈለገ ሰው ሁሉ የደላላ ደንበኛ ሆነ። በሰው መነገድንና ሰውን በሕገ ወጥ መንገድ ድንበር ማሻገርን የሚከለክለው አዋጅ 909 በ2007 ወጣ፣ በ2012 ደግሞ አዋጅ 1178 ተካው። እነዚህን ከየጊዜው የደላላ ክፍያ ጋር ጎን ለጎን አስቀምጧቸው፣ ክፍያውን ደግሞ የሚያውቁት መሬት አከራይተው፣ በሬ ሸጠው የከፈሉ ወላጆች ናቸው።

ልጅ ጠፍቶባት የምትጠብቅ እናት ፊት ግን ማስታወሻ ደብተር አይከፈትም። አሁን የሚሠራበትን ማደሪያና መሻገሪያ በጽሑፍ አታውጡ፣ አንባቢያችሁ ደላላም ሊሆን ይችላል። አዲስ ወንጀል ካወቃችሁ ታሪክ ጸሐፊነታችሁን አስቀምጡና ለሕግ አመልክቱ።

ስም

የተፈረደበት ሰው፣ የተከሰሰ ሰው፣ የተጠረጠረ ሰው፣ የተወራበት ሰው፤ አራቱን በአራት አምድ ለዩ። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20 የተከሰሰ ሰው እስኪፈረድበት ጥፋተኛ አይባልም፣ ስም ማጥፋት ደግሞ በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 613 ላይ ተቀምጧል። እኔ የመጨረሻ ፍርድ ካላገኘሁ ስም አልጽፍም። «ሀ ጋራዥ ነበረው፣ ለ የጭነት መኪና ነበረው» እላለሁ፣ የፊደሎቹን መፍቻ በሌላ ደብተር፣ በሌላ ቤት አስቀምጣለሁ። ፍርድ ያገኘውንም ቢሆን የልጅ ልጁ ሰኞ ገበያ ላይ ሱቅ ከፍቶ በሰላም የሚነግድ ከሆነ፣ ስሙ ለታሪኩ ምን እንደሚጨምር ሁለቴ አስቡ። ብዙ ጊዜ ምንም አይጨምርም።

ለመጀመር

አንድ ዕቃ፣ አንድ ኬላና አንድ አሥር ዓመት ምረጡ። «የልባሽ ጨርቅ ንግድ በባቲ መንገድ ከ1983 እስከ 1993» ለአንድ ሰው ከበቂ በላይ ነው፣ የአሰብን መዘጋትም መሃሉ ላይ ይይዝላችኋል። ለእያንዳንዱ መረጃ አንድ ካርድ አውጡና ቀን፣ ቦታ፣ ዕቃ፣ ብዛት፣ ዋጋ፣ የተቀበለ፣ የነገራችሁ ወይም የተገኘበትን መዝገብ ጻፉበት። ዋጋ የሌለው ካርድ ግማሽ ካርድ ነው፣ ዋጋውን እስክታገኙ ለብቻው አስቀምጡት።

መዝገብ ፎቶ ስታነሡ መጀመሪያ ሽፋኑን፣ ቀጥሎ ገጹን ከነቁጥሩ አንሡ፤ ሽፋን የሌለው ፎቶ ከዓመት በኋላ የማን እንደሆነ እናንተም አታውቁትም። ቅጂውን አንድ ፍላሽ ላይ ብቻ አትተዉት። ፍርዱ በአደባባይ የተሰጠውን ለወሎ ዩኒቨርሲቲ ቤተ መጻሕፍት ስጡ፣ አንዱን ቅጂ ደግሞ ከደሴ ውጭ ላለ ዘመድ አስቀምጡ።